ጭቅጭቁ ያለቀው ለማን ነው?

ሰሞኑን ስለ ሜዳ ቴኒስ በተወራ ቁጥር አንድ አባባል ይደጋገማል፦ ኳሷ ገባች ወጣች የሚለው የመስመር ጭቅጭቅ ታሪክ ሆኗል፣ ማሽኑ ገላግሎናል። ዊምብልደን በ2025 (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆቹ ናቸው) የመስመር ዳኞቹን አሰናብቶ ሥራውን ለካሜራ ካስረከበ ወዲህ ይህን የማይል ተንታኝ ማግኘት ከባድ ነው። ከአራቱ ታላላቅ ውድድሮች በሰው ዓይን የቀጠለው በሸክላ አፈር ሜዳ የሚካሄደው የፈረንሳዩ ሮላን ጋሮስ ብቻ ሲሆን፣ እሱም ኋላ ቀር እየተባለ ይተረባል።

ገላገለን የሚለው «እኛ» ግን ማን ነው? በዚህ ሳምንት በጠንካራ ሜዳ (በአስፋልት ወይም በኮንክሪት) ላይ በደብልዩ 15 ወይም በደብልዩ 35፣ ማለትም በሴቶች ፕሮፌሽናል ቴኒስ ዝቅተኛ ደረጃ ውድድሮች፣ የምትጫወት ሴት በዚያ «እኛ» ውስጥ የለችም። ያላት ከፍ ያለ ወንበር ላይ የተቀመጠ አንድ ዳኛ ነው። ዕድል ከቀናት አንድ ሁለት የመስመር ዳኛ ይጨመርላታል። በማጣሪያው ደግሞ አንዳንዴ የወንበር ዳኛም የለም፤ እያንዳንዷ ተጫዋች በራሷ በኩል ያረፈችውን ኳስ ራሷ ትፈርዳለች። ለእሷ ጭቅጭቁ አለቀ ብሎ መንገር ከስድብ አይተናነስም።

የበለጠ የሚያበሽቀው ማሽኑ በየትኛው በር እንደገባ መረሳቱ ነው። በ2004 የዩኤስ ኦፕን ሩብ ፍጻሜ ሴሬና ዊሊያምስ ከጄኒፈር ካፕሪያቲ ጋር ስትጫወት፣ በወሳኙ ምዕራፍ የመታቻት ኳስ በግልጽ ሜዳ ውስጥ አረፈች። የመስመር ዳኛው ትክክል ነው አለ፤ የወንበር ዳኛዋ ከላይ ሆና ሻረችው። ሌሎችም ስህተቶች ተከተሉ፣ ሴሬና ተሸንፋ ወጣች፣ ዓለም በቴሌቪዥን አየ። ሁለት ዓመት ሳይሞላ ሆክ አይ፣ ኳሷ ያረፈችበትን በካሜራ የሚለየው ሥርዓት፣ ለዳኝነት ሥራ ላይ ዋለ። እንግዲህ ተጫዋቿ ሴት ነበረች፣ ሜዳው ጠንካራ ነበር፣ የተሳሳተችው የወንበር ዳኛ ነበረች። ከሃያ ዓመት በኋላ ማሽኑ ያልደረሳቸው እነማን ናቸው? በጠንካራ ሜዳ ላይ በወንበር ዳኛ ዓይን ብቻ የሚዳኙ ሴቶች።

የወንበር ዳኛ ዓይን ምን ያህል እንደሚያይ ገምተው የሚናገሩ ብዙ ናቸው፤ ለክተው የሚናገሩ ግን ጥቂት። እንለካው። ከመረቡ እስከ ቤዝላይን፣ ማለትም እስከ ሜዳው የጀርባ መስመር፣ 11.885 ሜትር ነው። የነጠላ ሜዳ ወርድ 8.23 ሜትር ነው። ወንበሩ ከመረቡ ምሰሶ 90 ሴንቲ ሜትር ያህል ውጭ ይቆማል። ከዚያ እስከ ሩቁ ማዕዘን በቀጥታ ሲለካ 16 ሜትር ተኩል ገደማ ይመጣል። የዳኛው ዓይን ከመሬት 3 ሜትር ያህል ከፍ ስለሚል ማዕዘኑን የሚያየው በ10 ዲግሪ አካባቢ በተንጋደደ እይታ ነው። በዚህ እይታ መሬቱ ላይ 1 ሴንቲ ሜትር የሆነ ክፍተት ለዓይኑ 3 ሚሊ ሜትር እንኳ አይሞላም። ጤነኛ ዓይን በዚያ ርቀት ለያይቶ ሊያየው የሚችለው ትንሹ ነገር ደግሞ ከ4 እስከ 5 ሚሊ ሜትር ነው። ስለዚህ በሩቁ ማዕዘን በ1 ሴንቲ ሜትር የወጣችን ኳስ የወንበር ዳኛው አያያትም፤ ይመርጥላታል እንጂ። የቅርቡም ማዕዘን ብዙ አይሻልም። ርቀቱ ወደ 12 ሜትር ቢወርድም ከቤዝላይኑ በስተኋላ ያለው ክፍተት በእይታው አቅጣጫ ስለሚወድቅ ያው ከዓይን አቅም በታች ይጠባል።

ይህ ሁሉ ደግሞ ኳሷ ቆማ ብትጠብቀው ነው። መሬት የምትነካው ለ5 ሚሊ ሰከንድ ያህል ብቻ ነው፤ በዚያች ቅጽበት ትጨፈለቃለች፣ ትንሸራተታለች፣ ትነሳለች። ብቻውን የተቀመጠ ዳኛ በአንድ ሰርቪስ (የነጥቡ መክፈቻ ምት) ላይ የመቺዋ እግር መስመር መርገጡን፣ ኳሷ መረቡን መንካቷን፣ የሰርቪስ መስመሩን፣ የመሀሉንና የጎኑን መስመር አንድ ላይ መከታተል አለበት። ከዚያ ነጥቡን ጠርቶ በእጁ ባለው ታብሌት ይመዘግባል። ሜዳው ያረጀ ከሆነማ ነጩ ቀለም በጫማ ጎማ ጠቁሯል፣ የአጥሩ ጥላ ከሰዓት በኋላ መስመሩን ሸንትሮታል። ይህን ሥራ በሦስት ሰዓት ጨዋታ ውስጥ ሳይሳሳት የሚጨርስ ሰው የለም። ጥፋቱም የዳኛው አይደለም።

የሜዳው ዓይነት ወሳኝ የሚሆነው እዚህ ላይ ነው። በሸክላ አፈር ሜዳ ኳሷ ምልክት ትታ ታልፋለች። ተጫዋቿ ጨዋታውን ወዲያው ካቆመች ወይም ምቷ የነጥቡ ማብቂያ ከሆነ ዳኛው ከወንበሩ ወርዶ ምልክቱን እንዲያይ መጠየቅ ትችላለች። ካሜራ አያስፈልግም፣ ገንዘብ አያስፈልግም፤ አፈሩ ራሱ ምስክር ነው። የምስክሩ ዋጋ ምን ያህል እንደሆነ በ2023 ቡዳፔስት ላይ ታይቷል። ዣንግ ሹዋይ ኳሷ መስመሩን ነክታለች ብላ ስትከራከር የሃንጋሪዋ ተጋጣሚዋ መጥታ ምልክቱን በእግሯ አጠፋችው፤ ዣንግም ጨዋታውን አቋርጣ ወጣች። ዓለም በአድራጎቱ ተቆጣ፣ ልክም ነበር። በጠንካራ ሜዳ ግን መጀመሪያውኑ የሚጠፋ ምልክት የለም! አክሪሊክ ቀለምና አሸዋ የተቀባ አስፋልት ወይም ኮንክሪት ነው። አንዳንዴ አዲስ ኳስ ደብዘዝ ያለ ጥላ የመሰለ ነገር ትታ ልታልፍ ትችላለች፤ ተጫዋቿም ሮጣ በራኬቷ ጫፍ ታሳያለች። ደንቡ ግን ያንን አይቀበልም። በጠንካራ ሜዳ ምልክት አይመረመርም፤ «አውት» (ወጣች) ከተባለ አውት ነው። አንድ ዓይነት ደረጃ፣ አንድ ዓይነት የሽልማት ገንዘብ፣ አንድ ዓይነት የነጥብ ሠንጠረዥ፤ አንደኛዋ ይግባኝ አላት፣ ሌላኛዋ የላትም። ልዩነቱ የወለሉ ዓይነት ብቻ ነው። ስለዚህ ሮላን ጋሮስን የሚተርቡት ሰዎች ሰውን በማሽን ለመተካት ከቸኮሉ፣ ቅድሚያው ምስክር ለሌለው ወለል መሆን ነበረበት፤ ከዚያም ውስጥ ምንም ለሌላቸው።

ከሚቀርቡት መከራከሪያዎች ሁሉ ደካማው «ስህተት ለሁለቱም ወገን ስለሚደርስ በዓመቱ መጨረሻ ይካካሳል» የሚለው ነው። በምን ሂሳብ? ሳንቲም አሥር ሺህ ጊዜ ቢወረወር አንበሳውና ዘውዱ ይቀራረባሉ እንበል። በዓመት ሃምሳ ስድሳ ጨዋታ የምትጫወት ሴት ግን አሥር ሺህ አጠራጣሪ ኳስ የላትም። ኳሶቹም እኩል አይመዝኑም። 40 ለ 0 እየመራች የተሰጣት ስጦታና 30 ለ 40 ተበልጣ ሳለች የተነጠቀችው ነጥብ የሚካካሱት በወረቀት ላይ ብቻ ነው። ያም ሆኖ ዛሬ ተበድላ ከውድድር የወጣች ሴት ነገ በዚያው ውድድር ካሳዋን አትቀበልም፤ ሻንጣዋን ይዛ ሄዳለች።

ለምን እንደሚያንገበግብ ሠንጠረዡ ይናገራል። በደብልዩ 15 አሸናፊዋ 15 ነጥብ ታገኛለች፣ ሁለተኛዋ 10፣ ግማሽ ፍጻሜ የደረሰች 6፣ ሩብ ፍጻሜ 3፣ አንድ ጨዋታ ያሸነፈች 1። በመጀመሪያው ዙር የወደቀች ዜሮ ነጥብና፣ ግብር ሳይቆረጥ እንኳ፣ ከ200 ዶላር ያነሰ ገንዘብ ይዛ ትወጣለች። በዓለም ደረጃ ሰንጠረዥ ላይ ስሟ እንዲወጣ በሦስት ውድድሮች ነጥብ ማግኘት ወይም በድምሩ 10 ነጥብ መድረስ አለባት። አንድ ነጥብ ማለት እንግዲህ ለሌላው ምንም ያልሆነ፣ ለእሷ ግን መኖርና አለመኖር ነው። ዓለም አቀፉ የቴኒስ ፌዴሬሽን ራሱ የ2013ን ወጪ አጥንቶ፣ አንዲት ተጫዋች የአሠልጣኝ ክፍያ ሳይጨመር በአማካይ 40,180 ዶላር በዓመት እንደምታወጣና ወጪና ገቢዋ የሚመጣጠነው በዓለም 253ኛ ደረጃ አካባቢ ስትደርስ እንደሆነ ጽፏል። ደብልዩ 15 ላይ የሚጫወቱት አብዛኞቹ ከዚያ በብዙ መቶ ደረጃ በታች ናቸው።

«ቪዲዮ አለ እኮ፣ ጨዋታው በቀጥታ ይተላለፋል» የሚሉም አሉ። ላም ባልዋለበት ኩበት ለቀማ። ያ ቪዲዮ ብዙ ጊዜ ከአንደኛው ቤዝላይን በስተጀርባ የተሰቀለ አንድ ካሜራ ነው፤ የወዲያኛው ቤዝላይን ከእሱ 30 ሜትር ያህል ይርቃል። በሰከንድ 60 ምስል የሚያነሳ ከሆነ በሰዓት 100 ኪሎ ሜትር የምትጓዝ ኳስ በሁለት ምስሎች መካከል 46 ሴንቲ ሜትር ትሄዳለች። መሬት የነካችበት ቅጽበት አብዛኛውን ጊዜ በሁለቱ ምስሎች መካከል ያመልጣል። እንዲያውም ይህ ሥርጭት የሚጠቅመው ለቁማርተኛው ነው። ፌዴሬሽኑና የሴቶች ቴኒስ ማኅበሩ ደብልዩ ቲ ኤ በ2024 ብቻ 458 ተጫዋቾች 8,000 ያህል የስድብና የዛቻ መልእክት እንደደረሳቸው፣ ከዚያም 40 በመቶው የተናደዱ ቁማርተኞች የላኩት እንደሆነ አሳውቀዋል። ዳኛው ይሳሳታል፣ ቁማርተኛው ይከስራል፣ ስድቡን የምትቀበለው ተጫዋቿ ናት።

አንድ ነገር አልክድም፦ ማሽኑ ከሰው ይሻላል። የሚሳሳተውም ብዙውን ጊዜ ሰው ሲነካው ነው። በዚያው በ2025 ዊምብልደን፣ ፓቭሊዩቼንኮቫ ከሶናይ ካርታል ጋር ስትጫወት፣ በአንድ በኩል ያለው ሥርዓት በሰው ስህተት ጠፍቶ ነበር፤ የወጣች ኳስ ሳትጠራ አለፈች፣ ነጥቡም እንዲደገም ተደረገ። ፓቭሊዩቼንኮቫ ጌሙን (የምዕራፉን አንድ ክፍል) ሰረቃችሁኝ ብላ ጮኸች፤ ዜናውም ዓለምን አዳረሰ። ጨዋታውን ያሸነፈችው ግን እሷው ነበረች። በደብልዩ 35 ተመሳሳይ ነገር ሲደርስ ዜና አይሆንም። ምክንያቱም ማንም ስህተት መሆኑን ሊያረጋግጥ አይችልም።

ስለ ገንዘብ ከሆነ፣ እሱም ይቆጠር። በ2025 ዩኤስ ኦፕን በመጀመሪያው ዙር የወደቀች ተጫዋች 110,000 ዶላር ተቀብላለች። የአንድ ደብልዩ 15 ጠቅላላ ሽልማት፣ ነጠላውም ጥንዱም ተደምሮ፣ 15,000 ዶላር ነው። በአንዲት ተሸናፊ ቼክ የሰባት ውድድር ሽልማት ይከፈላል፣ መልስም ይተርፋል። ገንዘብ የለም የሚለውን ለቀባሪው አርዱት።

ከዚህ የከፋው ደግሞ ገና እየመጣ ነው። ዊምብልደን በየዓመቱ ወደ 300 የሚጠጉ የመስመር ዳኞች ያሠራ ነበር። እነዚያ ሰዎች ከሰማይ አልወረዱም፤ በትናንሽ ውድድሮች በፀሐይ እየቆሙ የተማሩ ናቸው። የቆሙትም ላይኛው ቤት አንድ ቀን ይጠራናል ብለው ነው። አሁን የላይኛው ቤት በር ተዘግቷል። በራሱ ወጪ ተጉዞ፣ በጥቂት የቀን አበል ለደብልዩ 35 መስመር የሚቆም ወጣት ከየት ይመጣል? ማሽኑ ወደ ታች አልወረደም፤ ዳኞቹ ግን ወደ ታች መድረሳቸው እየቀነሰ ነው። ሁለት ዳኛ የነበረው ሜዳ አንድ ይቀረዋል፣ አንድ የነበረው ባዶ ይሆናል።

መፍትሔው ደግሞ ጠፈር መንኮራኩር አይደለም። እንደ ሆክ አይ ከ10 በላይ ካሜራ ይተከል ያለ የለም። ሁለት የመስመር ዳኛ ብቻ ከተገኘ፣ አንድ አንዳቸው በሁለቱ ቤዝላይኖች ትክክል መስመሩን ተከትለው የሚያዩበት ቦታ ይቁሙ፤ የወንበር ዳኛው የማያየው እሱን ነውና። የሩቁ የጎን መስመር ለካሜራ ይተው። በሰከንድ 240 ምስል የሚያነሳ ካሜራ፣ ዛሬ በብዙ ስልክ ውስጥ ያለው ማለት ነው፣ በየ4 ሚሊ ሰከንዱ አንድ ምስል ስለሚያነሳ የኳሷን መሬት መንካት የማግኘት ዕድሉ ሰፊ ነው። በመስመሩ ትይዩ፣ ከቤዝላይኑ ኋላ ካለው 6.40 ሜትር ክፍት ቦታ ውጭ፣ በማይነቃነቅ ማቆሚያ፣ በሁለቱም ጫፍ አንድ አንድ ይተከል። ማቆሚያው ከአጥሩ ጋር ከታሰረ በነፋስ ስለሚንቀጠቀጥ ምስሉ ዋጋ የለውም፤ መሬት ላይ ይቁም። ጥዋት ጥዋት ጨዋታ ከመጀመሩ በፊት መስመሩ በምስሉ መሀል ቀጥ ማለቱ ይታይ። ለተጫዋቿ በጨዋታ ሁለት ይግባኝ ይሰጣት። ምስሉ በግልጽ ካላሳየ የዳኛው ውሳኔ ይጽና። ፍጹም አይደለም። ከ16 ሜትር ተኩል ግምት ግን በብዙ ይሻላል።

ደንቡ አይፈቅድም፣ ያልጸደቀ መሣሪያ ለዳኝነት አይውልም ይሉ ይሆናል። ይጽደቃ! ይኸው ፌዴሬሽን በጥር 2019 ከ15,000 ዶላሩ ውድድር የደብልዩ ቲ ኤ ነጥብን አንስቶ ነበር፤ ተጫዋቾቹ ሲጮሁበት በዚያው ዓመት ነሐሴ መለሰው። ሲፈልጉ ሰባት ወር ይበቃቸዋል።