ለቤተሰቤ ብዬ ነው

ዘንድሮ ክረምቱ ከጣና ዳር አባሮ እኔ ሳሎን ውስጥ ስለ ሰበሰበን፣ የእህቴ ልጅ በፍላሽ ገልብጦ ያመጣውን «ብሬኪንግ ባድ» የተሰኘ ባለ 62 ክፍል የአሜሪካ ድራማ ከቡና ጋር ማየት ጀመርን። ባለታሪኩ ዋልተር ዋይት በአልበከርኪ ከተማ ኬሚስትሪ የሚያስተምር፣ ደመወዙ ስለማይበቃው መኪና እጥበት ቤት ተጨማሪ ሥራ የሚሠራ ሰው ነው። በ50 ዓመቱ የሳንባ ካንሰር እንዳለበት ሲነገረው፣ ለቤተሰቡ ጥሪት ለመተው ብሎ ሜታምፌታሚን የተባለውን ዕፅ መቀመም ይጀምራል።

ጡረታ የወጡት የኬሚስትሪ መምህር ጎረቤታችን፣ ጋሼ፣ ስኒያቸውን አስቀምጠው «መምህር ተርቦ ነው» በማለት ፋይሉን ዘጉት።

ዋልተር የከበሩ የቀድሞ ባልንጀሮቹ የሕክምናውን ወጪ እንሸፍንልህ ቢሉት በኩራት እምቢ አለ። «ለቤተሰቤ» የሚለው ምክንያት እዚያው ላይ ማለቅ ነበረበት፤ እኛ ግን «ወንድ ልጅ እጁን ለልመና አይዘረጋም» ብለን አደነቅነው። የረዳቱን ፍቅረኛ በተኛችበት ትውከት ሲያንቃት ቆሞ ሲያያት፣ ባጃጅ የገጨው ውሻ አይተው ሁለት ቀን እህል ያልቀመሱት ሌላዋ ጎረቤታችን፣ እትዬ፣ «እሷም ልጁን እያበላሸችው ነበር» አሉ። ሕፃን ልጅ በመርዛማ ተክል ሲያስመርዝ ሳሎኑ ጸጥ አለ፤ ለጥቂት ደቂቃ ብቻ። «መጠኑን ለክቶ ነው፤ ኬሚስት እኮ ነው» አሉ ጋሼ፣ የሙያ ባልደረባቸውን ስም ለማዳን።

በተረቱ ሊሰቀል የተፈረደበት ሌባ እናቱን «በእንቁላሉ ጊዜ በቀጣሽኝ» ብሎ ይወቅሳታል። እኛ ከእሷም የባስን ነበርን፤ እንቁላሉን ጠብሰን አብረነው በላን።

በመጨረሻው ክፍል ዋልተር ሚስቱ ፊት ቆሞ ያን ሁሉ ያደረገው ለራሱ ሲል፣ ስለ ወደደው መሆኑን ሲናዘዝ፣ ሰው ሲገድል ያልተቆጡት ጎረቤቶቼ ያን ጊዜ ተቆጡ። ሁለት ወር ሙሉ ያለ ክፍያ ጥብቅና ቆመንለት፣ ደንበኛችን ራሱ ጥፋተኛ ነኝ ብሎ ማረፉ በእርግጥ ያናድዳል። ጋሼ ሦስተኛውን ቡና ሳይጠብቁ ወጡ።

እኔም በዚያ ሌሊት ብስጭቴን ለማብረድ ወደ ማድ ቤት ገብቼ፣ ለልጆቹ ምሳ የተቀመጠውን የቆሮሶ ዓሣ ጥብስ ጨረስኩት። ጠዋት ባለቤቴ ባዶውን ሳህን ይዛ ስትመጣ፣

«አጥንቱ ጉሮሯቸው ላይ እንዳይሰነቀር፣ ለእነሱ ብዬ ነው» አልኳት።

«አንተስ ስንተኛው ክፍል ላይ ደረስክ?» አለችኝ።