መኪናውስ ዋስ የለውም?

ባለፈው ክረምት ለአንድ ዘመዴ ጉዳይ ወደ አንድ የመንግሥት መሥሪያ ቤት ግቢ ጎራ ብዬ ነበር። ከአጥሩ ጥግ አንድ አይሱዙ ቆሟል። ጎማዎቹ ተንፍሰዋል፣ ጭነት ማስቀመጫው ላይ ሣር በቅሏል፣ መስታወቱ ላይ የተለጠፈውን «ኤግዚቢት» የሚል ወረቀት ፀሐይ በልቶታል። «ይህ ከቆመ ስንት ጊዜው ነው?» አልኩት ዘበኛውን። «ይህማ አዲሱ ነው ጋሼ፤ ነባሮቹ ከኋላ ናቸው» አለኝ።

መኪናው የተያዘው ከሽንኩርት ጆንያ ሥር ልባሽ ጨርቅ ጭኖ ነው አሉ። ባለቤቱ ሌላ ከተማ ነው የሚኖረው፤ ሹፌሩ የጫነውን አላውቅም ባይ ነው። እውነቱን ይሁን አይሁን ችሎት ይወስነዋል። እኔን የገረመኝ ሽንኩርቱ ነው። በተያዘ በጥቂት ቀናት ውስጥ ተሽጦ ገንዘቡ በአደራ ተቀምጧል። ሕጋችን ሽንኩርት እንደሚበሰብስ አሳምሮ ያውቃል። ብረትም ቆሞ እንደሚበሰብስ፣ የባንክ ዕዳም ቆሞ እንደማይጠብቅ ግን የነገረው ያለ አይመስልም።

ለኮንትሮባንድ ጠበቃ ልቆም አይደለም። ንብረት በተያዘበትና ፍርድ ቤት «ይወረስ» ባለበት ቀን መካከል ንብረቱ አሁንም የባለቤቱ ነው። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 40 የንብረት መብትን፣ በአንቀጽ 20 ደግሞ ጥፋተኛ እስኪባሉ እንደ ንጹሕ መቆጠርን ደንግጓል። የታሰረ ሰው ዋስ ጠርቶ በውጭ ሆኖ ይከራከራል። አይሱዙው ማንን ይጥራ?

መንግሥት የሚሰጋባቸው ነገሮች የታወቁ ናቸው፦ ንብረቱ እንዳይሸሽ፣ ማስረጃ እንዳይጠፋ፣ ለዚያው ወንጀል እንዳይውል። ሽያጭ ከተፈራ ሊብሬው ላይ እግድ ይመዝገብ። ማስረጃ ከሆነ ይመርመር፣ ፎቶ ይነሣ፣ ቃለ ጉባኤ ይያዝ። ለቀረው ዋስትና ይጠየቅ። በእርግጥ ሥውር ሣጥን የተበየደለት መኪና ወይም ሦስት ጊዜ የተያዘ ነጋዴ መጥቶ «ልቀቁልኝ» ቢል እኔም ዳኛ ብሆን አልለቅለትም። ግን እያንዳንዱን መኪና በዚያ ሰው ልክ መስፋት ፍርድ አይባልም።

አሜሪካኖች በ2000 እ.ኤ.አ. ባወጡት ሕግ መንግሥት ንብረቱን ይውረስ አይውረስ የሚለው ክርክር ሳያልቅ ንብረት የሚለቀቅበትን መንገድ አበጅተዋል። አመልካቹ በንብረቱ ላይ መብት እንዳለው፣ በአካባቢው ሥር የሰደደ ኑሮ እንዳለው፣ መያዙ ሥራውን እንደሚያስቆም ወይም ቤት አልባ እንደሚያደርገው ያስረዳል። የያዘው አካል በ15 ቀን ውስጥ ካልለቀቀ ወደ ፍርድ ቤት መሄድ ይችላል፤ ዳኛውም በመርሕ ደረጃ በ30 ቀን ውስጥ ይወስናል። ሕገ ወጥ ዕቃና ለማስረጃ የሚፈለግ ንብረት አይለቀቅም፤ በጉምሩክ ሕግ የተያዘማ ከነጭራሹ ከሕጉ ውጭ ነው። ስለዚህ የእኛ አይሱዙ እዚያም ቢሆን መቆሙ አልቀረለትም ነበር። እዚያም ገነት አይደለም። በአላባማ መኪናቸውን ለልጅና ለወዳጅ ያዋሱ ሁለት ሴቶች፣ ሌላ ሰው ባጠፋው ከዓመት በላይ ያለ መኪና ቆይተዋል። የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በግንቦት 2024 እ.ኤ.አ. በ6 ለ3 ድምፅ፣ ሕገ መንግሥቱ የውርሱ ክርክር በጊዜው እንዲሰማ እንጂ ከዚያ በፊት ሌላ ችሎት እንዲሰየም አያስገድድም ብሏል። እኔ ከሦስቱ ጋር ነኝ።

ይህን አሁን ማንሣቴ ያለ ምክንያት አይደለም። በ2017 ዓ.ም. የወጣው የንብረት ማስመለስ አዋጅ እስከ 10 ዓመት ወደኋላ ተመልሶ የሀብት ምንጭ የሚያስጠይቅ ነው። ከእንግዲህ እግድ የሚያርፍበት መኪና ብቻ አይሆንም፤ ሕንፃም፣ የባንክ ሒሳብም፣ ደመወዝተኛ ያለው ድርጅትም ጭምር ነው። ሕንፃ ታግዶም ኪራዩ በዝግ ሒሳብ ሊጠራቀም ይችላል። የታሸገ ዳቦ ቤት ግን በሦስተኛው ወር ደንበኛም ሠራተኛም የለውም፤ ባለቤቱ በሁለተኛው ዓመት ነፃ ቢባል የሚከፍተው ባዶ ምድጃ ነው። የይለቀቅልኝ አቤቱታ የቀረበለት ዳኛ በቀናት የተቆጠረ ገደብ ይኑረው የምለው ለዚህ ነው። ዋናው ክርክር የፈለገውን ያህል ይርዘም፤ «እስከዚያ ማን ይያዘው?» የሚለው ግን ለቀጣዩ ቀጠሮ፣ ከዚያም ከክረምት ዕረፍት በኋላ እየተባለ መዞር የለበትም።

ከግቢው ከመውጣቴ በፊት የአይሱዙውን የባትሪ ሣጥን አየሁት፤ ባዶ ነው። ዘበኛውን ባትሪው የት ገባ ብለው ቀና ብሎ ሰማዩን አየና «ሊዘንብ ነው መሰለኝ» አለ።