ይድረስ ቤታችን ገብተው ላልወጡት ለክቡር የሐሳብ ድርቀት

ጤና ይስጥልኝ፣ እንዴት ሰነበቱ፣ ምቾትዎን እንኳ መጠየቅ አያስፈልግም ሶፋው የርስዎን ቅርጽ ይዟል። እኔ ሚስትየዋ ነኝ። ማሲንቆና ዜማ የኔ ነው፣ ስክሪፕትና ካሜራ የባለቤቴ፣ አንቱ ደሞ የጋራችን ነዎት፣ ከተጋባን ወዲህ አብረን ያፈራነው ንብረት አንቱ ብቻ ነዎት ማለት ይቻላል።

እንደሚያውቁት (እንዴት አያውቁም፣ ከሁለተኛው ገጽ ጀምሮ አብረውን ነዎት) ፊልማችን ሆረር ነው፣ ግን እየተዘፈነ። አዲስ አበባ ያሉ ወዳጆቻችን ይሄ የፈረንጅ ነገር ነው ይሉናል፣ ጎንደር ለተወለደ ሰው! ዛር ምንድነው ታዲያ? ሌሊቱን ሙሉ ጭብጨባ፣ ከበሮ፣ ዕጣን፣ ቡና፣ ከዛ ሴትዮዋ በሌላ ሰው ድምፅ ስትፎክርና ስታጓራ ምን ቀረው፣ ትኬት መቁረጥ ብቻ። ሚሼል ሌሪስ የሚባል ፈረንሳዊ እኮ እ.ኤ.አ. በ1932 እዚሁ ጎንደር መጥቶ ባለዛሮቹ ጋ ሰንብቶ ኋላ ላይ የዛርን የቲያትር ጠባይ መጽሐፍ ጻፈበት፣ እኛ ከነካሜራችን እዚሁ ተቀምጠን አንድ ሲን አቃተን።

ደሞ ዛር ከርስዎ ይሻላል። ዛር የሚፈልገውን ይናገራል፣ ገብስማ ዶሮ ነው ወሰራ ነው ሽቶ ነው ይላል፣ ይቀርብለታል፣ ይታረቃል። አንቱ ምን እንደሚፈልጉ ተናግረው አያውቁም፣ ዝም ብለው ቡናውን ይጠጣሉ፣ አቦል ቶና በረካ።

የኔን ጉዳይ ልንገርዎ። አንቺ ሆዬ ቅኝት ለሠርግ ስንዘፍንበት የኖርነው ነው አይደል፣ ግን ቀስ አድርገው በጨለማ ሲመቱት እነዛ ግማሽ ድምፆች ጀርባ ያቀዘቅዛሉ፣ ሙሽራዋ ስትወጣ ሚዜዎቹ ሁሉ ሙታን ሆነው የሚያጅቧት ሲን ነበረኝ፣ አስቤው ራሴ ፈርቼ መብራት አብርቼ ያደርኩበት። አንቱ ከመጡ ወዲህ ማሲንቆዬን ባነሳሁ ቁጥር የሚወጣው ትዝታ ብቻ ሆነ። ጭራቁ ከጨለማ ብቅ ሲል በትዝታ ነው የሚመጣው፣ ተመልካቹ እሪ ብሎ መሮጥ ሲገባው የት ጠፍተህ ነበር ብሎ ሊያቅፈው ነው።

ባለቤቴማ ተዉት። አገሩ ሆረር በነፃ ያድላል፣ አድያም ሰገድ ኢያሱን ያህል ንጉሥ በ1699 ዓ.ም. በገዛ ልጁ ትእዛዝ ተገደለ፣ ልጁ ተክለ ሃይማኖት ደሞ ብዙም ሳይቆይ አደን ወጥቶ እሱም ተገደለና ርጉም የሚል ስም ተረፈው። ግንቡ እንደሆነ እዛው ቆሟል፣ ዲኮር አያስፈልገው። እሱ ግን «ሌሊት፣ ፋሲል ግቢ» ብሎ ይጽፍና ሎኬሽን ልይ ብሎ ይወጣል፣ ሎኬሽኑ ፒያሳ ማኪያቶ ላይ ነው።

ጎረቤታችን እትየ «ዓይን በልቷችሁ ነው፣ ጠበል ሂዱ» አሉን። አማቴ ልጅ ብትወልዱ ይለቃችሁ ነበር አሉ፣ ይሄን ዝም ብዬ አልፌዋለሁ።

የሚያናድደኝ ምን መሰልዎ፣ የፊልሙ ታሪክ ሙያቸው ስለነጠፈባቸው ባልና ሚስትና ከቤታቸው አልወጣም ስላለ መንፈስ ነው። ሲጀምረው ልብ ወለድ ነበር፣ አሁን ዶክመንተሪ ሆኗል። ማታ ማታ ሁለታችንም ኮምፒዩተሩን እናያለን፣ ኮምፒዩተሩ እኛን ያያል፣ አንቱ ሁላችንንም ያያሉ፣ ከዛ እሱ አንቺ ነሽ ያመጣሻቸው ይላል እኔ አንተ ነህ እላለሁ፣ የሚገርመው በፊልሙ ውስጥም የተጻፈው ይሄው ጠብ ነው ግን እዛ ቢያንስ በዘፈን ነው የሚጣሉት።

ስለዚህ ውጡልን አልልም፣ ብዬ አይቼዋለሁ። ቤት ኪራይ ግማሹን ይክፈሉ። እሱ ካልሆነ ጭራቁን የሚሠራልን ተዋናይ አላገኘንም፣ ለሜካፕም ብር የለም፣ አንቱ እንዳሉ ቢቆሙ ይበቃል። ልምምድ ቅዳሜ ማታ ነው፣ መብራት ካለ።