በስሙ የሚጠራ ጅብ ጭምብል አይሻም

የሃሎዊን ድግስ አዘጋጆች ጥቅምት 21 ማታ አውቶቡስ ተከራይተው ከድሬዳዋ ወደ ሐረር ሊወጡ ነው። ማስታወቂያው ከስልክ ስልክ ሲዞር ሰነበተ፦ ጭምብል፣ ጥቁር ካባ፣ የተፈለፈለ ዱባ፣ በድምፅ ማጉያ የሚለቀቅ የጅብ ሳቅ፣ መዝጊያው ደግሞ ጅብ ማብላት። «ምርጥ ቡዳ» ሆኖ ለለበሰ ሽልማት አለው። የአዘጋጆቹ ማብራሪያ ከማስታወቂያውም የባሰ ነው። ሃሎዊንም የሐረር የጅብ ማታም ክፉ መንፈስ ማባረሪያ ስለሆኑ አንድ ናቸው፣ እኛን የጎደለን ጭምብሉ ብቻ ነው ይላሉ።

ጭምብሉ ብቻ! ልዩነቱ ሁሉ ያለው እዚያው ጭምብሉ ላይ ነው።

ሃሎዊን ማለት የቅዱሳን ዋዜማ ማለት ነው፤ በፈረንጅ ኖቬምበር 1 የሚውለው የቅዱሳን ሁሉ በዓል ዋዜማ። ሥሩ ግን ሳዊን የሚባለው የአየርላንድ ጥንታዊ በዓል ነው። ከብቱ ከበጋ ግጦሹ ይወርዳል፣ የዓመቱ ጨለማ ወገን ይገባል። ደብሊን ላይ የሰኔ ቀን 17 ሰዓት ያህል ይረዝማል፣ የታኅሣሥ ቀን 8 ሰዓት አይሞላም። እንዲህ ባለ አገር መጪው ሌሊት ሰውን ቢያስፈራው አይፈረድበትም። በዚያች ማታ ሙታን ይመለሳሉ ተብሎ ይታመን ነበርና ሰው መንፈሱ እንዳያውቀው ፊቱን ሸፈነ። ቀይ ሥር ከሚያህል ነጭ ሥራ ሥር አስፈሪ ፋኖስ ፈለፈለ፤ ልማዱ አሜሪካ ሲሻገር ዱባ ተተካ። በአገሩ ያምራል፣ አልክድም። ሐረር ላይ ግን ረጅሙ ቀንና አጭሩ ቀን የሚበላለጡት ከአንድ ሰዓት እምብዛም በማያልፍ ጊዜ ነው። ጥቅምት ለእኛ ዝናቡ የወጣበት፣ ሰማዩ የጠራበት፣ ማሽላው የሚያፈራበት መጸው ነው። የምን ጨለማ ልንሸኝ ነው ካባ የምንለብሰው?

ወደ ጅቡ ልምጣ። ሃሎዊን ከመንፈስ መደበቂያ ነው፣ የሐረሩ ማታ መተዋወቂያ ነው። ጅብ የሚያበላው ሰው ፊቱን አይሸፍንም። ከምሽቱ 1 ሰዓት ገደማ ከግንቡ ውጭ ዝቅ ብሎ ይቀመጣል፣ ቅርጫቱን አጠገቡ ያኖራል፣ ጅቦቹን ራሱ ባወጣላቸው ስም እየለየ ይጠራል። የሚመጡት ድምፁን፣ ሽታውንና አቀማመጡን ስለለመዱ ነው። ሥጋው በቀጭኑ ይተለተላል፤ ከስንዝር ብዙም በማይረዝም እንጨት ላይ ይንጠለጠላል፤ አንድ ቁራጭ ለአንድ ጅብ ይሰጣል። የለመደ ሰው እንጨቱን በጥርሱ ይዞ ያጎርሳል። ተመልካች በአንድ ወገን ብቻ ይቆማል፣ ምክንያቱም ጅቡ የመጣበት መንገድ ከኋላው ክፍት መሆን አለበት። መብራቱ ከአንድ አቅጣጫ ይበራል፣ ባለበት ይቆያል። ማንም ድንገት ብድግ አይልም፣ አይሮጥም።

ይህ ሁሉ ሥርዓት ለጌጥ የተደረገ የሚመስለው ካለ አንዱን አጉድሎ ውጤቱን ያስብ። የእኛ ባለ ነጠብጣብ ጅብ በመንጋ የሚኖር፣ ማዕረግ የሚያውቅ እንስሳ ነው። ሴቷ ከወንዱ ትገዝፋለች፣ ትገዛዋለችም፤ ግልገል የእናቱን ማዕረግ ይወርሳል። ሥጋ በክምር ከተጣለ ባለማዕረጎቹ ይሰፍሩበታል፣ ታናናሾቹ ይባረራሉ፣ የተባረረው ደግሞ ወደ ሰዉ እግር ይሸሻል። በፌስታል ያለ ሥጋ ከተወረወረ ፌስታሉም አብሮ ይዋጣል፤ አጥንት ለሚሰባብር መንጋጋ ላስቲክ ምኑ ነው? ካባ የለበሰና ፊቱን የሸፈነ ሰው መሀል ሲገባ ጅቡ የሚያውቀው ሰው ሁሉ ይጠፋበታል። ያፈገፍጋል፣ መንገዱ በሕዝብ ከተዘጋ ደግሞ ይነክሳል። ነገ ከነዋሪው ጋር ጠላት የሚሆነው ጅቡ ነው፣ አውቶቡሱማ ሌሊቱን ወደ ድሬዳዋ ይወርዳል።

ያ በድምፅ ማጉያ ሊለቁት ያሰቡት «ሳቅ» ምን እንደሆነ ጠይቀው ያውቁ ይሆን? ጅብ ሳቀ የሚባልበት የተቆራረጠ ድምፅ በአብዛኛው የተባረረ፣ የተጨነቀ ወይም ለሚበልጠው የሚገብር ጅብ ድምፅ ነው። በመጨረሻው ከፍ የሚለው ረጅሙ ጥሪ ሌላ ነው፤ መንጋውን የሚሰበስበው እሱ ነው፣ ኪሎ ሜትሮች ተሻግሮ ይሰማል። ጅብ የሚቆጥሩ ተመራማሪዎች የሚሠሩበት ዘዴም ይኸው ነው፦ የጥሪና የጥል ድምፅ በማጉያ ይለቃሉ፣ ጅቦቹ ከሩቅ እየሮጡ ይመጣሉ፣ ይቆጠራሉ። ተመራማሪው መኪና ውስጥ ተቀምጦ ነው ይህን የሚያደርገው። እነዚህ ሰዎች ግን ከረሜላ የያዘ ልጅ በቆመበት ሜዳ ሊያደርጉት ነው። የሌላ መንጋ ጅብ ጥሪውን ሰምቶ ቢመጣና ከባለቦታዎቹ ጋር ቢገጥም ማን ይገላግላል? ጭምብሉ?

መንፈስ ማባረር ስላሉትም የያዙት ተገልብጦ ነው። ሐረር ላይ ክፉው መንፈስ ጅኑ ነው፤ ወራባ፣ ማለትም ጅቡ፣ ጅኑን የሚበላ ነው ተብሎ ይታመናል። ስለዚህ ነው የጀጎል ግንብ ከበሮቹ ሌላ ወራባ ኑዱል የሚባል የጅብ ቀዳዳ ያለው፤ ጅቡ ሌሊት ገብቶ ከየጠባቡ መንገድ የተጣለውን ይለቅማል፣ ጅኑንም ይዞ ይወጣል። 82 መስጊድና 102 የቅዱሳን መቃብር ያላት፣ በ1998 ዓ.ም. በዓለም ቅርስነት የተመዘገበች ከተማ፣ አውሬውን ከግንብ ውጭ አላስቀረችውም፣ በር ሠራችለት። ጠባቂውን ወስዶ ማስፈራሪያ ማድረግ ዘበኛን ሌባ ብሎ ከመክሰስ አይለይም። ጅብ የማያውቁት አገር ሄዶ ቁርበት አንጥፉልኝ አለ ይባላል፤ ዛሬ ጅብ በሚያውቁት አገር ቁርበት አንጥፉልኝ የሚለው ድግሱ ነው።

የቡዳው ሽልማት ግን ከስህተትም ያለፈ ነው። ሌሊት ጅብ ይሆናል እየተባለ በዚህ አገር የተገለለው ማን ነው? ቀጥቃጩ፣ ሸክላ ሠሪዋ፣ ቆዳ ፋቂው ነው። ጋብቻ የተከለከለው፣ ልጁ ከማዕድ የተነሳበት እሱ ነው። የአየርላንድ ገበሬ የሞተ ፍርሃቱን ልብስ አድርጎ ቢለብሰው ይችላል፣ በዚያ ልብስ ዛሬ የሚሰደብ ጎረቤት የለውም። ቡዳ ግን አልሞተም። በየመንደሩ እስከ አሁን በሹክሹክታ ይነገራል፤ መድረክ ላይ ወጥቶ ሲጨበጨብለት የሚጎዳውም ያው የሚታማው ሰው ነው። ይህን «ጨዋታ ነው» ብሎ ማለፍ ነውር ነው።

ቱሪስት ይመጣል ይሉናል። ሃሎዊን የፈለገ ቱሪስት አገሩ ላይ አለለት፣ ሐረር የሚመጣው ሌላ ቦታ የሌለውን ሊያይ ነው። እንደ ሃሎዊን ልጆች በር በር እየዞሩ ከረሜላ እንዲቀበሉ ከሆነ የተፈለገው ሆያ ሆዬና ሙልሙሉ የት ሄዱ? በጭስ ክፉ ማባረር ከሆነ ኅዳር 12 አለ፤ በ1911 ዓ.ም. በኅዳር በሽታ ያለቁትን እያስታወሰ ሰው ቆሻሻውን የሚያጥንበት ቀን ነው። እሱም በዚሁ በመጸው ነው።

አውቶቡሱ ይቅር። ጅቡን ማየት የሚሻ ሌላ ማታ ከጥቂት ሰዎች ጋር ይሂድ፣ ፊቱን ገልጦ ከአንድ ወገን ይቁም፣ የስልኩን ብልጭታ ያጥፋ፣ ሥጋውን ከሚያበላው ሰው ተቀብሎ እሱ እንዳሳየው ይስጥ። የሐረርን ትልቅ የጅብ ማታ እፈልጋለሁ የሚል ደግሞ ዓሹራን ይጠብቅ። ያን ማታ በንጹሕ ቅቤ የተለወሰ ገንፎ ለጅቦቹ ይቀርባል፤ የመንጋው አለቃ ቀምሶ ከግማሽ በላይ ከበላ ዓመቱ መልካም ይሆናል ይባላል፣ እምቢ ካለ ሰው ወደ ቅዱሳኑ ቦታ ሄዶ ይጸልያል። በድሮው የረሃብ ዘመን ከጅቡ ጋር ተገባ የሚባለው ውል በየዓመቱ የሚታደሰው እንዲህ ነው። ዓሹራ ሙሐረም 10 ነው፤ በጨረቃ ስለሚቆጠር በየዓመቱ 11 ቀን ያህል ቀድሞ ይመጣል። ቀኑን ከሐረር ሽማግሌዎች መጠየቅ ይቻላል።