ይድረስ ለክቡር «ፎቶ ማንሳት ክልክል ነው»

ጉዳዩ፦ ቅዳሜ ስለተደረገልኝ መስተንግዶ ምስጋና ማቅረብን ይመለከታል

ክቡርነትዎ እንዴት ሰነበቱ? ቀለምዎ አልለቀቀም? እኔ ደህና ነኝ፤ ስልኬም ተመልሶልኛል።

ቅዳሜ የእህቴን ልጅ አፍሪካ አዳራሽን ላሳያት ወሰድኳት፤ የቤት ሥራ አላት። ከመንገዱ ማዶ አቁሜ፣ ግንቦት 17 ቀን 1955 ዓ.ም. 32 አገሮች የአፍሪካ አንድነት ድርጅትን ቻርተር የፈረሙት እዚያ ውስጥ ነው አልኳት። የአፈወርቅ ተክሌ ባለቀለም መስታወትም እዚያው ነው፤ 150 ካሬ ሜትር፣ ሦስት ክፍል፣ የአፍሪካ ትናንት፣ ዛሬና ነገ። ከውጭ ሲያዩት ቀለሙ አይለይም፤ ውስጥ ገብቶ ፀሐይ ሲመታው ነው። (ይቺን ምሥጢር እርስዎም ሳያውቋት አይቀሩም።) «በይ ፈገግ በይ» ብዬ ስልኬን ከፍ ሳደርግ ፊሽካ ጮኸ።

ከየትኛው በር እንደወጣ ያላየሁት ጥበቃ ስልኬን ተቀበለኝ። «አታነብም?» አለና እርስዎን አሳየኝ። ዛፍ ጀርባ ነበሩ። ከዚያ አውራ ጣቱን ምራቅ አስነክቶ ፎቶዎቼን እንደ መዝገብ ይገልጥ ጀመር። የልጅቷን ሰረዘ። የእናቴን የመድኃኒት ማዘዣ አጉልቶ አነበበ። የመብራት ቆጣሪዬ ላይ ሲደርስ ቆመ፦ «ይሄስ የምን ተቋም ነው?» መንገደኛው እየከበበን ነው። ልጅቷ እጄን ሳብ አድርጋ «አጎቴ፣ ምን ሰርቀህ ነው?» አለችኝ።

እዚህ ላይ «ክቡርነትዎ» ይቅር። ምን አገባህ? የአህጉር አንድነት የተፈረመበትን ቤት ከእግረኛ መንገድ ላይ ማየት ያስጠረጥራል? ሳተላይት ጣሪያውን ከሰማይ ሲያነሳ ማን ፊሽካ ነፋበት? መሪዎች ሲሰበሰቡ ካሜራው እንደ አሸን ይፈላል፤ ያኔ የት ትገባለህ? የአገሩ አደጋ የአንዲት የዘጠኝ ዓመት ልጅ ጥርስ ሆነ?

ከዚህ በፊት መሥሪያ ቤት ውስጥ የማመልከቻ ናሙና ግድግዳ ላይ ተለጥፎ ሳለ «ፎቶ አታንሳ፣ በእጅህ ገልብጥ» ያስባልክብኝን እንኳ ይቅር ብዬህ ነበር።

ልጅቷ ማታ ቤት ገብታ አዳራሹን በእርሳስ ሣለችው። መሣል ክልክል ነው የሚል እስካሁን አልተለጠፈም። ጥበቃውን ከአዳራሹ አስበልጣዋለች፤ ፊሽካው ደግሞ ከጥበቃው ይበልጣል።

ከሰላምታ ጋር

አባሪ፦ ሥዕል፣ 1 ገጽ

ግልባጭ፦ ለፊሽካው