ኮሪን ሉሼር አልተረሸነችም
ፈረንሳዊቷ የፊልም ተዋናይት ኮሪን ሉሼር ከናዚዎች ጋር ተባብራለች ተብላ ከአባቷ ጋር ተረሽናለች የሚለው አስተያየት ብዙ ጊዜ የሚደጋገም ስሕተት ነው። በፌብሩዋሪ 1946 እ.ኤ.አ. የተረሸነው አባቷ፣ የጋዜጣ አሳታሚው ዣን ሉሼር ነው፤ በእርሷ ላይ ግን በዚያው ዓመት የተፈረደው የ10 ዓመት የዜግነት መብት እገዳ ሲሆን፣ ፈረንሳዮች ቅጣቱን «ብሔራዊ ውርደት» ይሉት ነበር (ስሙ ብቻውን አንገት ያስደፋል)። ሕይወቷን የቀጠፈው ለዓመታት ሲያሠቃያት የኖረው የሳንባ ነቀርሳ ነው፤ በጃንዋሪ 1950 ስታርፍ 29 ዓመት እንኳ አልሞላትም ነበር።

በወረራው ዘመን ለጀርመኖች ፊልም ትሠራ ነበር መባሉም አያስኬድም፤ በ1938 ስለ ልጃገረዶች ማረሚያ ቤት በተሠራው ፊልም፣ በፈረንሳይኛውም በእንግሊዝኛውም ቅጂ እርሷው ራሷ ተውና ዝና ያገኘችው ይህች ልጅ፣ የመጨረሻ ፊልሟን የሠራችው በ1940 በጣሊያን ነው። ያስወቀሳት በፓሪስ ግብዣዎች ላይ ከወራሪዎቹ ጋር መታየቷ ነው።