የፊንላንዱ ቶም ፈገግታ

እ.ኤ.አ. በሴፕቴምበር 2014 የፊንላንድ ፖስታ ሦስት ቴምብሮች አሳተመ። ትከሻቸው የሰፋ፣ አገጫቸው የጠነከረ ወንዶች በእርሳስ ተሥለውባቸዋል፤ በአንዱ ላይ የራቁት ወንድ መቀመጫ ይታያል። ሥዕሎቹ የወንድ ለወንድን ፍቅርና ምኞት ይሥል የነበረው የቱኮ ላክሶነን ናቸው። ዓለም የሚያውቀው ግን «የፊንላንዱ ቶም» በሚለው ስሙ ነው። ቴምብሮቹ ገበያ ላይ ሳይውሉ ከ178 አገሮች ትእዛዝ መጣላቸው። ያቺው አገር የተመሳሳይ ጾታ ግንኙነትን በእስራት የሚቀጣ ሕግ ከ1894 እስከ 1971 ጸንቶ የቆየባት ናት። ሕጉ ከተነሣ በኋላም ጉዳዩ ከበሽታዎች ዝርዝር እስኪሰረዝ ድረስ እስከ 1981 መጠበቅ ነበረበት። ላክሶነን በዚያ ዓመት 61 ሞልቶታል።

ስለዚህ ሠዓሊ ሲነሣ ብዙ ጊዜ የሚወራው ስለ ቆዳ ጃኬቱ፣ ስለ ቦት ጫማውና ከልክ ስላለፈው ጡንቻ ነው። በእኔ እምነት ከሁሉ በላይ የዘለቀው ፈገግታው ነው። ሥዕሎቹን ልብ ብላችሁ ተመልከቱ፤ ሰዎቹ ይስቃሉ፣ ይጠቃቀሳሉ፣ ዐይን ለዐይን ይተያያሉ፤ አንገቱን የደፋ የለም። በ1950ዎቹ ዓመታት ይህ ከራቁትነቱ የበለጠ ድፍረት ነበር። በዚያን ጊዜ ወንድን የሚወድ ወንድ በልብ ወለድም ሆነ በፊልም ከታየ ወይ መሳለቂያ ነው፣ ወይ ሕመምተኛ፣ አለዚያም ታሪኩ ሳያልቅ ራሱን የሚያጠፋ። በጓዳው ተቀምጦ ስለ ራሱ ሲያስብ የሚመጣለት ሌላ መልክ አልነበረም። በአማርኛ ስለዚህ ጉዳይ ለመጻፍ የሞከረ ሰው ነገሩን ይረዳል፤ እጅ ላይ ቀድመው የሚገቡት ቃላት ወይ የስድብ ናቸው ወይ የክስ። ስምህ ክስ ሲሆን ፊትህን ቀና ማድረግ ቀላል አይደለም። ላክሶነን ራሱ የሚሥላቸው ሰዎች ኩሩና ደስተኛ ሆነው እንዲታዩ አጥብቆ ይጥር እንደነበር ተናግሯል።

የተወለደው በ1920፣ በቱርኩ ከተማ አቅራቢያ በምትገኘው በካሪና፣ ከመምህራን ወላጆች ነው። በ1939 የማስታወቂያ ሙያ ሊማር ሄልሲንኪ ገባ፤ ወዲያው ጦርነት መጣና የፀረ አውሮፕላን ክፍል መኮንን ሆነ። የአየር ድብደባ ተፈርቶ መብራት በሚጠፋባቸው ምሽቶች በከተማዋ ጎዳናዎች ያገኛቸው ባለ ደንብ ልብስ ወንዶች ከሐሳቡ ሳይወጡ ቀሩ። ከጦርነቱ በኋላ በሙዚቃ ትምህርት ቤቱ በሲቤሊየስ አካዳሚ ፒያኖ ተምሯል። ቀን ቀን በማስታወቂያ ሥራ ይውላል፤ ማታ ቤቱ ገብቶ በአደባባይ ሊያሳየው የማይችለውን ይሥላል። በ1956 ጥቂት ሥዕሎችን ሎስ አንጀለስ ለሚታተመው «ፊዚክ ፒክቶሪያል» ላከ። መጽሔቱ በአካል ማጎልመሻ ስም ከሳንሱር እያመለጠ የወንድ ገላ ውበትን የሚያወጣ ነበር። አዘጋጁ ቦብ ማይዘር የላክሶነንን ግንድ ቆራጮች በ1957 የጸደይ እትም ሽፋን ላይ አወጣቸው። ላክሶነን የፈረመው «ቶም» ብሎ ነው፤ «የፊንላንዱ» የሚለውን የጨመረለት ማይዘር ነው።

የማስታወቂያ ባለሙያነቱ ሥራው ውስጥ በግልጽ ይታያል። ለማስታወቂያ የሚሣል ጫማ ተመልካቹ እንዲመኘው ተደርጎ ነው የሚሣለው፤ ብርሃኑ የት እንደሚያርፍ፣ ጥላው የት እንደሚጠቁር ታስቦበት። ላክሶነን ይህንኑ ጥበብ በእርሳሱ ወደ ቆዳ ልብስና ወደ ሰው ገላ አመጣው። ሕግ የሚያሳድደውን ሰው የሚያስቀና አድርጎ ሣለው።

ውጤቱም ከወረቀት ወጣ። በ1970ዎቹ በሳን ፍራንሲስኮ፣ በኒው ዮርክና በአውሮፓ ከተሞች ወንዶች እንደ ሥዕሎቹ መልበስ ጀመሩ፦ ጠባብ ጂንስ፣ የቆዳ ጃኬት፣ ሪዝ። እርሱ ራሱ ይህን ከሞተር ሳይክል ነጂዎች፣ ከፖሊሶችና ከሠራተኞች ወስዶ አጋንኖ ነበር የሣለው፤ ጎዳናው ደግሞ ከእርሱ ወሰደ። የሙዚቃ ቡድኑን የቪሌጅ ፒፕልን አልባሳት፣ የዘፋኙን የፍሬዲ ሜርኩሪን ባለ ሪዝ ገጽታ፣ የልብስ ዲዛይነሩን የዣን ፖል ጎልቲየን ፋሽን፣ የሮበርት ማፕልቶርፕን ፎቶግራፎች ያየ ሰው የዚህን ፊንላንዳዊ እርሳስ አይቷል፤ ስሙን ሰምቶ ባያውቅም።

ተቃውሞዎች አሉ፤ ተገቢም ናቸው። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት የናዚ ወታደሮችን የደንብ ልብስ ሥሏል። በኋላ የናዚን የዘረኝነት አስተሳሰብ እንደሚጠላ ገልጾ ከእነዚያ ሥዕሎች ራሱን አርቋል። ማብራሪያው ሐቀኛ ነው ብዬ አምናለሁ፤ ሥዕሎቹ ግን አሁንም ይረብሹኛል፣ ሊረብሹንም ይገባል። ሌላው ነገር ያ አንድ ዓይነት ገላ ነው። ቀጭኑ፣ ወፍራሙ፣ በጠባዩ ለስላሳ የሆነው ወንድ በእርሱ ዓለም ውስጥ ቦታው ጠባብ ነው። ለአንዱ ነፃነት የሆነው ምስል ለሌላው አዲስ መለኪያ ሆኖበታል። ይህን ጉዳት የፈገግታው ውለታ አይሰርዘውም።

የማልቀበለው ወሲቡን ከሥራው ነጥለው ሊያከብሩት የሚሹትን ነው። በ1820 የተመሠረተው የጨርቅ አምራች ፊንላይሰን በቶም ሥዕል ያጌጠ የአልጋ ልብስ ለገበያ አቅርቧል፤ የኒው ዮርኩ የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ሙዚየም ሥዕሎቹን በስብስቡ ይዟል፤ የሄልሲንኪው ኪያስማ ሙዚየም በ2023 ሰፊ ዐውደ ርእይ አዘጋጅቶለታል። ይህ ሁሉ ደስ ይላል። ነገር ግን ሥዕሎቹ የተሠሩት ምኞትን ለመቀስቀስ ነው፤ ሠዓሊውም ይህን ደብቆ አያውቅም። ያ ፈገግታ ኃይል ያገኘው ወንጀል በተባለው ድርጊት መካከል ስለተሣለ ነው። ኤድስ ወዳጆቹን ሲጨርስም ወሲብን ከሥራው አላስወጣም፤ ኮንዶምን ጨመረበት።

የሥራዎቹ ሕልውና ራሱ ለጥቂት የተረፈ ነገር ነው። በ1973 ሃምቡርግ ባሳየው የመጀመሪያ ዐውደ ርእዩ ላይ ከአንዷ በስተቀር ሥዕሎቹ በሙሉ ተሰረቁ። በ1984 ከወዳጁ ከዱርክ ዴነር ጋር በስሙ ፋውንዴሽን አቋቋመ፤ ተቋሙ ውሎ አድሮ የሌሎችን ወሲባዊ ሥዕሎችም መሰብሰብ ጀመረ፤ እንዲህ ያለ ሥዕል ሠዓሊው ሲሞት ጠያቂ አጥቶ የሚጣል ነበርና። ላክሶነን በ1991 ሄልሲንኪ ውስጥ አረፈ። በመጨረሻዎቹ ዓመታት ከፊል ጊዜውን የኖረበትን የሎስ አንጀለስ ቤት ከተማዋ በ2016 በቅርስነት መዘገበችው። ስብስቡ ያለው እዚያ ነው። ላክሶነን በወጣትነቱ የሣላቸውን የመጀመሪያዎቹን ሥዕሎች ግን እዚያ ማንም አያገኛቸውም፤ ወደ ጦር ሠራዊቱ ሲጠራ ሰው እንዳያይበት ብሎ በገዛ እጁ አጥፍቷቸዋል።